በገዛ እጇ የጻፈችው ጥፋት

ታኅሣሥ ሲገባ የወረዳው መሬት ጽሕፈት ቤት ሠራተኞች ድክመታቸውን ፍለጋ ወደ ሉዬን ጠረጴዛ ይመጣሉ።

ሰው ጉድለቱን ከሰው ይበደራል እንዴ የሚል ካለ፣ እዚያ ቤት ይበደራል። በዚያ አገር ዓመቱ በታኅሣሥ ነው የሚያልቀው፤ ሊያልቅ ሲል እያንዳንዱ ሠራተኛ አንድ ገጽ ግለ ሂስ ይጽፋል፤ ከላይ ጥንካሬ፣ ከታች ድክመት። ጥንካሬውን ማንም አያጣውም። ድክመቱ ላይ ሲደርስ ግን ብዕር ይደርቃል። ድክመት የለኝም ያለ ትዕቢተኛ ይባላል፤ እውነተኛውን የጻፈ ደግሞ ዓመቱን ሙሉ በዚያው ይወቀጣል። ስለዚህ አለቃ የማያስቆጣ፣ ባለቤቱን የማያስንቅ፣ እንደ ልብስ በልክ የተሰፋ ድክመት ያስፈልጋል። ከአሥሩ ሠራተኞች እንዲህ ያለውን መስፋት የምትችለው መስኮት ላይ ተቀምጣ የባለጉዳይ ማመልከቻ የምትቀበለው ሉዬን ብቻ ነበረች።

«እትዬ ሉዬን፣ አምና ምን ነበር ያልሽልኝ?» አለች ዲየም፣ የጽሕፈት ቤቱ ትንሿ፣ ሦስት መንደሪን ጠረጴዛው ላይ እያስቀመጠች።

«‹በስብሰባ ላይ ሐሳቧን በድፍረት አታቀርብም።›»

«ዘንድሮም እሱኑ አድርጊልኝ። ተስማምቶኛል።»

«ሁለት ዓመት አንድ ድክመት ከያዝሽ ‹አልታረመችም› ይሉሻል። ዘንድሮ ‹ለስፖርት ጊዜ አትሰጥም› እንበል።»

«እሱስ እውነት ነው።»

«እንግዲያው ይቅር፤ ሌላ እንፈልጋለን።»

አለቃቸው ቪኝ ድክመቱን ለማስጻፍ ራሱ አይመጣም። «ለአለቃ እንደ አምናው» ብሎ ሰው ይልካል። የአለቃ ድክመት ከተሾመ ጀምሮ አልተለወጠም፤ «ለሥራ ካለው ፍቅር የተነሣ ጤናውን አይጠብቅም» ይላል። አሥር ሰዓት ሳይሞላ ሞተር ሳይክሉን የሚያስነሳ ሰው ነው።

ሉዬን የዘጠኙን ሰፍታ ጨርሳ የራሷን ባዶ ትታው ነበር። ዘንድሮ ልብ ብላ ልትጽፈው ፈልጋለች። ዘንድሮ ተራዋ ነው።

ሉዬን አርባ ሦስት ዓመቷ ነው። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ወረቀት ገልባጭ ሆና ገባች፤ ስድስት ዓመት በማታ ተምራ ዲፕሎማዋን ያዘች፤ ከእሷ በኋላ የገቡት እያለፏት ሲሄዱ እሷ ግን እዚያው የመጨረሻው ደረጃ ላይ ነች። ወደሚቀጥለው ደረጃ የሚያሻግር ፈተና በፀደይ ይሰጣል። በማታ የተማሩ ሰዎች ለመጨረሻ ጊዜ የሚፈተኑት በዚህ ፀደይ ነው፤ ከዚያ በኋላ ደንቡ በሩን ይዘጋባቸዋል። ለመፈተን ደግሞ የዓመቱ ምዘና «የላቀ» የሚል መሆን አለበት። ከአሥር ሰው «የላቀ» የሚሰጠው ለሁለት ብቻ ነው። ከሁለቱ አንዱ የአለቃ ነው። ይህ የትም አልተጻፈም፤ የትም ያልተጻፈ ነገር ደግሞ የሚሽረው የለም። የቀረችውን አንዲቱን ዘጠኙ በየዓመቱ ለባሰበት ይለቃሉ፤ ልጁን ለሚድር፣ ደረጃ ለሚጠብቅ፣ ጡረታ ለሚወጣ። ሉዬን አራት ጊዜ ለቅቃለች። አራተኛው አምና ነው፤ አምና ደግሞ የለቀቀችው ተራዋን ብቻ አልነበረም።

አምና «የላቀ» የተባሉት የመዝገብ ቤቱ ሽማግሌ ጋሽ ካንግ ነበሩ። ከመጪው የአዲስ ዓመት በዓል በኋላ ጡረታ ይወጣሉ፤ «የላቀ» ያለው ሰው አንድ እርከን ከፍ ብሎ ይወጣል። ማንም አልከፋውም፤ ካንግ የማይወደዱ ሰው አይደሉም። ነገር ግን ክፍለ ሀገሩ ጠየቀ፤ «የሦስት ሰዎች የይዞታ ፋይል አርባ ሰባት ቀን ዘግይቶ ባለጉዳይ አቤት ብሏል፤ ያዘገየው ማነው?» አለ። ያዘገዩት ካንግ ነበሩ። ክፋት አልነበረበትም፤ ሦስቱን ፋይሎች ጠረጴዛው እንዳይረጥብ ከሻይ ፔርሙዛቸው ሥር አንጥፈዋቸው፣ እዚያው ረስተዋቸው ነው። ሲገኙ ክብ የፔርሙዝ ምልክት ነበረባቸው። ሽፋናቸውን የቀየረችው ሉዬን ናት።

ቪኝ ያኔ ጠርቷት፣ «አንድ ሰው ስሙን ይስጥልን። ለሽማግሌው ብለሽ» አላት። «ለሚመጣው ዓመት ያንቺ ነው፤ ቃሌ ነው።» ሉዬንም በገዛ እጇ፣ በዚያ በሚያምር ጽሕፈቷ፣ «ሦስት ፋይሎችን በቸልተኝነት አርባ ሰባት ቀን አዘግይቻለሁ» ብላ ጽፋ ፈረመች። በዚያ ቤት ከተጻፉት ድክመቶች ሁሉ እውነት የሚመስል እሱ ብቻ ነበር። እውነትም ነበር፤ ስሙ ብቻ ነው የተለወጠ።

ረቡዕ ዕለት፣ ዝናቡ እያካፋ፣ ቪኝ አስጠራት። ስትገባ ሻይ ቀዳላት። አለቃ በገዛ እጁ ሻይ ከቀዳልህ ወይ ልትሾም ነው ወይ ልትታረድ ነው ይላሉ ሠራተኞቹ፤ የተሾመ ደግሞ እስካሁን አልታየም።

«ሉዬን እህቴ፣ ብርዱ እንዴት ይዞሻል?»

«የመስኮቴ መስታወት እንደተሰበረ ነው። በደንብ ይዞኛል።»

«ይሠራል፣ ይሠራል።» ጣቱን በኩባያው አፍ ዙሪያ አዞረ። «ከክፍለ ሀገሩ አንድ ደብዳቤ መጥቷል። ዘንድሮ ለላቀ የሚታጭ ሰው የሁለት ዓመት ግለ ሂሱ ይያያዝ ብለዋል።»

«ይያያዛ።»

«ያንቺ የአምናው…»

ሉዬን ኩባያውን አስቀመጠች። ሻዩን ገና አልቀመሰችውም ነበር።

«ያንን ያስጻፈኝ ማን እንደሆነ ክፍለ ሀገሩ ባያውቅ እርስዎ ያውቃሉ።»

«እኔ ትንሽ ጥፋት ጻፊ ነው ያልኩሽ።»

«ትንሽ ጽፌ አምጥቼልዎት ‹ይሄ አያሳምንም› ብለው መለሱልኝ። ሁለት ጊዜ ነው የመለሱልኝ።»

«አንቺም ብዕርሽ ሹል ነው፤ አሳምነሽ ጻፍሽው።» ሳቀ። ብቻውን መሳቁን ሲያይ አቆመ። «እኔ ምን ላድርግ? ፊርማው ያንቺ፣ ጽሕፈቱ ያንቺ።»

«ታዲያ ለማን ሊሆን ነው?»

«ፎንግ አለ። ወጣት ነው። መዝገቡም ንጹህ ነው።»

«ከመጣ አሥራ አራት ወሩ ነው። ለመቆሸሽ መች ደረሰና?»

የፎንግ አጎት ማን እንደሆነ ሁለቱም አልተናገሩም። የሚነገር ነገር አይደለም።

«አንድ ዓመት ታገሺ» አለ ቪኝ።

«ለከርሞ ፈተናው የለም።»

«ደንብ እኮ ይለወጣል።»

«ይለወጣል፤ እኔ ደጁ ስደርስ።»

ወጥታ በቀጥታ ወደ መዝገብ ቤቱ ሄደች። ካንግ ከመደርደሪያዎቹ መካከል፣ ሹራባቸውን እስከ አንገታቸው ስበው፣ ፔርሙዛቸውን አቅፈው ተቀምጠዋል። አሁን ፔርሙዙ ሥር ያለው የቆየ ጋዜጣ ነው።

«ነይ ልጄ፣ ተቀመጪ። ፊትሽ ምን ሆኗል?»

ነገረቻቸው። ካንግ ሲሰሙ ቀና አላሉም። ስትጨርስ የሹራባቸውን ጫፍ ሲያፍተለትሉ ቆዩ።

«ዓርብ ስብሰባው ላይ እጄን ላንቺ አወጣለሁ» አሉ በመጨረሻ። «ማንም ባያወጣ እኔ አወጣለሁ። ይሄን ቃል እገባልሻለሁ።»

«ጋሼ፣ እጅዎን አይደለም የምፈልገው። አፍዎን ነው።»

«አውቃለሁ።»

«‹ፋይሎቹን ያዘገየሁት እኔ ነኝ› ማለት ነው። አንድ መስመር። እኔ ገጽ ሙሉ ጽፌልዎት የለ?»

«ጽፈሽልኛል።» ሻይ ሊቀዱላት ኩባያ አነሡ፤ ባዶውን መልሰው አስቀመጡት። «ምስክር ወረቀቱን መስታወት አስገብቼ ከአባቴ ፎቶ ጎን ሰቅዬዋለሁ። ጎረቤቱን ጠርቼ ድግስ አብልቻለሁ። ባለቤቴ ‹የላቀው መጣ› እያለች ነው የምታሾፍብኝ። ጡረታዬ በዚያ ተሰልቷል። አሁን አውርጄው አባቴን ምን እለዋለሁ?»

«የኔን አባት ምን እንደምለው ግን አልጠየቁኝም።»

ሉዬን ተነሣች። በሩ ላይ ስትደርስ ልትቆጣቸው ዞረች፤ ካንግ ግን ፔርሙዙ ጋዜጣው ላይ ያንጠባጠበውን ሻይ በሹራባቸው ጫፍ ሊጠርጉ ይታገሉ ነበር። ቁጣዋን ይዛው ወጣች። የያዘችው ቁጣ ደግሞ ከጣለችው ይልቅ ይከብዳል።

ሐሙስ ቀኑን ሙሉ ባዶውን ወረቀቷን ስታየው ዋለች። ሦስት መንገድ ነበራት። «ስፖርት አልሠራም» ብላ ጽፋ ዝም ማለት፤ ያኔ የአምናው ወረቀት ራሱ ተነሥቶ ይጥላታል። የካንግን ስም መጥራት፤ ያኔ ሽማግሌው ይወድቃሉ፣ እሷ ግን በሽማግሌ ላይ ቆማ የወጣች ትባላለች። ሦስተኛው ማንም ጽፎት አያውቅም። ወደ ማታ፣ የመጨረሻው ባለጉዳይ ሲወጣ፣ እሱን ጻፈችው።

ዓርብ ጠዋት አሥሩም በረጅሙ ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀመጡ። መሐል ላይ የሱፍ ፍሬና መንደሪን ቀርቧል፤ ሰው ድክመቱን ሲያነብ ሌላው የሱፍ ፍሬ ይፈለቅቃል። ዲየም ቃለ ጉባኤ ትይዛለች። ቪኝ ጤናውን እንደማይጠብቅ አነበበ፤ ሁሉም ራሱን ነቀነቀ። ካንግ «ከዘመናዊ ቴክኖሎጂ ጋር በፍጥነት አልተላመድኩም» አሉ። ፎንግ፣ «በወጣትነቴ ምክንያት ሥራ ለማፋጠን እቸኩላለሁ» ሲል አንዱ፣ «አንድ ፋይል አፋጥነህ አሳየንና» ብሎ አሳቀ። ሁሉም ሉዬን የሰፋችው ነው። ከየአፉ የራሷ ዐረፍተ ነገር ሲወጣ ስትሰማ፣ የሠራችውን ልብስ ለብሰው ሲያልፉባት የምታይ ልብስ ሰፊ የሆነች መሰላት።

ተራዋ ደረሰ። ጥንካሬዋን ዘለለችው።

«ድክመት» ብላ አነበበች። «አምና ባቀረብሁት ግለ ሂስ ሦስት ፋይሎችን አዘግይቻለሁ ብዬ ጽፌያለሁ። አላዘገየሁም። የጻፍሁት ተራዬን ለሰው ለመልቀቅ ነው። ያልሠራሁትን ጥፋት ሠራሁ ብዬ በመንግሥት ወረቀት ላይ ፈርሜአለሁ። ድክመቴ ይኸው ነው።»

የሱፍ ፍሬ የሚፈለቅቅ ጠፋ። በተሰበረው መስታወት የሚገባው ነፋስ ከሉዬን መስኮት በኩል ይሰማል።

«እትዬ ሉዬን» አለች ዲየም ቀስ ብላ፣ «ይሄን ልጻፈው?»

«የተባለውን ጻፊ።»

«ቆይ፣ ቆይ» አለ ቪኝ። ጆሮው ቀልቷል። «‹በአጻጻፍ ጥንቃቄ ይጎድላታል› ብለሽ ጻፊው።»

«እንደሱ አላልኩም።»

«እንግዲያው ያዘገያቸው ማነው?» አለ ፎንግ። ክፋት አልነበረበትም ድምፁ፤ የምር ማወቅ የፈለገ ልጅ ነው የሚመስለው። «እትዬ፣ አንቺ ካልሆንሽ ማነው?»

ዘጠኝ ፊት ወደ እሷ ዞረ። ሉዬን ካንግን አላየቻቸውም። ካየቻቸው ሁሉም እንደሚያይ ታውቃለች።

«ወረቀቱ የሚጠይቀው የኔን ድክመት ነው» አለች። «የሌላውን ሌላው ያንብብ።»

ጠበቀች። በጠረጴዛው ማዶ መንደሪን ሲላጥ ይሰማታል፤ በጣም በዝግታ፣ ልጣጩ እንዳይበጠስ ተጠንቅቆ። ካንግ ናቸው። ልጣጩ አለቀ። ካንግ ፍሬውን አፋቸው ውስጥ ከተቱት።

ቪኝ ጉሮሮውን ጠረገ። «እንግዲህ ጓዶች፣ ፋይል ማዘግየት አንድ ነገር ነው። የሐሰት ወረቀት መፈረም ግን… እኔ አላልኩትም፤ ራሷ ናት ያለችው። ይህ ከማዘግየትም ይብሳል። ለላቀ ቀርቶ ‹ጥሩ› ለማለትም ያስቸግራል።»

«እርስዎ አይደሉም ወይ ያስጻፉኝ?»

«ማስረጃ አለሽ?»

አልነበራትም። ያለው ማስረጃ በገዛ እጇ የተጻፈው ብቻ ነው፤ እሱም የሚመሰክረው በእሷው ላይ ነው።

ድምፅ ተሰጠ። ለፎንግ ሰባት እጅ ወጣ። ለሉዬን ቪኝ እየተጣደፈ ሲጠይቅ፣ ከሁሉ በፊት የካንግ እጅ ወጣ፤ ቀጥ ብሎ፣ እንደ ተማሪ እጅ። ቃላቸውን ጠበቁ። ከዚያ የዲየም እጅ፣ ግማሽ ድረስ። ሉዬን የራሷን አላወጣችም። ዲየም «ሰባት፣ ሁለት፣ አንድ ድምፅ ያልሰጠ» ብላ ስትጽፍ፣ ሉዬን ከሁሉ የበለጠ ያቃጠላት የሰባቱ እጅ አልነበረም። ያ የሽማግሌ ቀጥ ያለ እጅ ነበር።

ከሰዓት በኋላ ወረቀቶቹን ለክፍለ ሀገሩ የምታስረው እንደ ወትሮው እሷ ናት። መልእክተኛው አሥር ሰዓት ላይ ይመጣል። መስኮቷ ላይ ተቀምጣ፣ በአንድ እጇ የባለጉዳይ ማመልከቻ እየተቀበለች፣ በሌላው የአሥሩን ሰው ግለ ሂስ ደረደረች። ዲየም መጥታ አጠገቧ ቆመች።

«ግማሽ ድረስ ነው ያወጣሽው» አለቻት ሉዬን ሳታያት።

«ፈራሁ፣ እትዬ።»

«ግማሽም ይቆጠራል፤ ቆጥረሽዋል። ለከርሞ ድክመትሽን ግን ራስሽ ጻፊ።»

«ምን ብዬ?»

«አሁን ያልሽውን።»

ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ሲሆን ካንግ መጡ። ባለጉዳዮቹን አልፈው በጎን በር ገብተው፣ «ልጄ፣ የኔን ወረቀት አምጪው» አሉ።

«ምን ሊያደርጉት?»

«አምጪው።»

አውጥታ ሰጠቻቸው። ይዘውት ወጡ። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ተመለሱ። የእሷ ጽሕፈት ያለበትን ቀድደው፣ በሌላ ወረቀት በራሳቸው እጅ ጽፈው ነው የመጡት። ጽሕፈቱ የልጅ ይመስላል፤ ሦስት ቦታ ተሰርዟል። «ሦስቱን ፋይሎች ከፔርሙዝ ሥር አድርጌ የረሳሁ እኔ ነኝ» ይላል። ከሥሩ ፊርማቸው አለ።

«አንቺው እሰሪው» አሉ ካንግ። «ከፈለግሽ አስገቢው፤ ካልፈለግሽ ጣይው። እኔ ባንቺ ፍርድ አልከፋም።»

ሉዬን ወረቀቱን አየችው። ለሁለት ቀን የጠበቀችው መስመር ይኸው፤ እጇ ላይ ነው። ልቧ ግን አልሞቀም። ቀስ ብሎ አንድ ነገር ገባት፤ አምናም እንዲሁ ነበር የጀመረው፤ «አንቺው ጻፊው» ተብሎ። የሰው ጥፋት፣ የእሷ እጅ። ብታስገባው ሽማግሌውን የጣለች እሷ ናት። ባታስገባው ራሷን የቀበረች እሷ ናት። በየትኛውም ቢሆን ካንግ ንጹህ ናቸው።

ወረቀቱን መለሰችላቸው።

«አልወስድልዎትም፣ ጋሼ።»

«ምን ማለት ነው?»

«አለቃ ቢሮው ነው፤ ገና አልሄደም። በሩን ያንኳኩና ራስዎ ይስጡት። ‹የኔ ነው› ብለው። የርስዎን ጥፋት ሁለተኛ በኔ እጅ አይላኩ።»

ካንግ ወረቀቱን ተቀበሉ። አንድ ባለጉዳይ ከመስኮቱ ማዶ፣ «እትዬ፣ ተራዬ አልደረሰም?» አለ።

«ደርሷል። ወረቀትዎን ያምጡ።»

ማመልከቻውን ስትመዘግብ በዓይኗ ጠርዝ ኮሪደሩን ታያለች። ካንግ በቪኝ በር ፊት ቆመዋል። እጃቸው ተነሣ፤ ወረደ። ሹራባቸውን አስተካከሉ። ሉዬን የባለጉዳዩን ስም ሁለት ጊዜ ተሳስታ ሰረዘች። ቀና ስትል ኮሪደሩ ባዶ ነው፤ የቪኝ በር ተዘግቷል።

ሲወጡ አላየቻቸውም፤ መጀመሪያ እግራቸውን ነው የሰማችው። ቀና ብላ ስታይ ወደ መዝገብ ቤቱ በዝግታ እየሄዱ ነው፤ ሁለቱም እጃቸው ባዶ ነበር። የቪኝ በር ተመልሶ ተዘግቷል። አሥር ሰዓት ሊሞላ ነው፤ የሞተር ሳይክሉ ድምፅ ግን ዛሬ አልተሰማም።

መልእክተኛው የዝናብ ልብሱን እያንጠባጠበ ገባ። ሉዬን ወረቀቶቹን አስተካክላ፣ መርፌውን አሳልፋ፣ ክሩን ቋጠረች። ልጁ ከመፈረሙ በፊት እንደ ልማዱ በአውራ ጣቱ ቆጠረ።

«እትዬ፣ ዘጠኝ ናቸው። ደብተሩ አሥር ነው የሚለው።»

«ልክ ነህ፣ ዘጠኝ ናቸው።»

«ከጎደለ እኔ ነኝ የምጠየቀው።»

«አንተ አትጠየቅም። ደብተርህን አምጣ።»

የርክክብ ደብተሩን ከእጁ ወሰደች። በዚያ በሚያምር ጽሕፈቷ፣ ሳትቸኩል፣ «ዘጠኝ ተልኳል። አሥረኛው አለቃው ጋ ነው፤ ይጠየቅ» ብላ ጻፈች። ቀኑንና ሰዓቱን ከሥሩ አደረገች። ስሟን ሙሉውን ጽፋ ፈረመችበት፤ ቀለሙ እንዲደርቅ ጠብቃ ደብተሩን መለሰችለት።

«ሂድ፣ ሳይመሽብህ።»

ከዚያ ወደ መስኮቱ ዞራ ቀጣዩን ተራ ጠራች። በተሰበረው መስታወት የሚገባው ነፋስ እጇን ያቀዘቅዛል፤ ለፈተናው መመዝገቢያ የቀረው ስድስት ቀን ነው።